የውሻ ጠበቃው ጎረቤቴ

ይህ ነገር የደረሰብኝ ከሁለት ዓመት በፊት፣ የሰሊጥ አጨዳ በተጀመረ ሰሞን ነው። ሰው ክፉ ቀኑን እያደር ይረሳዋል ሲሉ እሰማለሁ። እኔ አልረሳሁትም። የማልረሳው ስለፈራሁ ወይም ስለቆሰልኩ ብቻ አይደለም። ዛሬ በሕይወት ኖሬ ይህን የምጽፈው አንድ ሰው ተራቸውን ለእኔ ስለለቀቁልኝ ነው። ስለ እሳቸው በከተማችን ብዙ ይወራል፤ ግማሹ ግን ልክ አይደለም። ስለዚህ ያየሁትን እንዳየሁት ልጻፈው ብዬ ተነሣሁ።

ስሜ ዝናሽ ይባላል። የምኖረው መተማ ዮሐንስ ነው። ከጭልጋ ወደዚህ ቆላ የወረድኩት ባሌን ሙላትን ተከትዬ ነው። ሙላት በሰሊጥ እርሻ ላይ ትራክተር ይነዳል፤ ክረምትና መኸር ቤት አይገኝም። እኔ ደግሞ ወደ ድንበሩ በሚወስደው ዋና መንገድ ዳር ትንሽ የልብስ ሱቅ አለችኝ።

ከሱቄ ጋር በአንድ የቆርቆሮ ግድግዳ የሚለያይ የእንስሳት መድኃኒት ቤት ነበር። ባለቤቱ ጋሽ ታደለ ይባላሉ። ረጅም፣ ቀጭን፣ ጺማቸው የሸበተ ሰው ነበሩ። ድምፃቸው ጎርናና ነው፤ ሲቆጡ ከመንገዱ ማዶ ይሰማል። ይቆጡ ደግሞ ነበር። መድኃኒት ሊገዛ የመጣ ሰው ቆሞ እየጠበቀ፣ እሳቸው መንገድ ላይ ከጋሪ ነጂ ጋር ሲከራከሩ ማየት የዘወትር ነገር ነው። ባለቤታቸው እትዬ አበባ፣ “ይህ ሰውዬ ሱቅ ያለው መሆኑን የሚያስታውሰው ሲዘጋ ነው” ይሉ ነበር።

የጭቅጭቃቸው ሁሉ መነሻ እንስሳ ነው። መተማ ሙቀቱ እንዴት እንደሆነ የኖረበት ያውቀዋል። በበጋ እኩለ ቀን ላይ ሰው ጥላ ይዞ ሲያለከልክ፣ አህያ ግን ጀርባዋ ቆስሎ ውኃና ጆንያ ትጎትታለች። ጋሽ ታደለ መጀመሪያ የጀመሩት የአህዮቹን ቁስል በነፃ በማከም ነበር። ቀጥለው ከሱቃችን ፊት ለፊት ባለው ባዶ ቦታ ላይ ራኩባ ሠሩ፤ ራኩባ ማለት በእኛ አገር በእንጨት ቆሞ ሳር የሚለብስ ጥላ ነው። ከሥሩ በሲሚንቶ የውኃ ገንዳ አበጁ። ከዚያ ጋሪ ነጂዎቹን አንድ በአንድ እየያዙ፣ ፀሐይ ሲበረታ ፈትተው እንዲያሳርፉ መለመን ጀመሩ። መለመን ብቻ አይደለም፤ የቆሰለች አህያ ጭኖ የመጣውን መንገድ መሃል ቆመው አላሳልፍም ይሉታል።

አንድ ጋሪ ነጂ በንዴት፣ “ጋሼ፣ ለእኔስ ማን ያዝንልኛል?” ሲላቸው ሰምቻለሁ።

“አንተ አፍ አለህ፤ ይኸው ትጮህብኛለህ። እሷ ማን ላይ ትጩህ?” አሉት።

ሰውዬው ስቆ ፈታት። ቆይቶ ራኩባው በቀትር ሰዓት የጋሪዎች ማረፊያ ሆነ። ነጂዎቹም በአህዮቻቸው አጠገብ ጋደም ይሉበት ጀመር። ሲጀመር ያሾፉ ሁሉ ኋላ የራሳቸው ቦታ አደረጉት።

የሱዳን ጦርነት ሲነሳ ደግሞ ሌላ ነገር መጣ። ከድንበሩ ማዶ፣ ከገላባት በኩል ሰው እንደ ጎርፍ ገባ። ልጁን የተሸከመ፣ ፍራሽ ያዘለ፣ ምንም ያልያዘ። ከሰው ኋላ እንስሳትም ነበሩ። ባለቤቶቻቸው ወደ መጠለያ ሲወሰዱ አህዮችና ውሾች ድንበሩ ላይ ቀሩ። ጋሽ ታደለ ያቅማቸውን ያህል ሰበሰቡ። ከውሾቹ አንዱን ሳሊም ብለው ሱቃቸው በር ላይ አሳደሩት። ሳሊም በአማርኛ ቢጠሩት ዞር አይልም። በዐረብኛ “ታዓል”፣ ና ለማለት፣ ሲሉት ግን ጅራቱን እየቆላ ይመጣል። እሳቸውም ለውሻ ብለው ዐረብኛ መማር ጀመሩ ተብሎ በከተማው ተሳቀ።

እኔ ውሻ አልወድም ነበር። ልጅ ሆኜ ውሾች አባርረውኛል፣ ከዚያ ወዲህ ሲያልፉ እንኳ ገለል እላለሁ። ጋሽ ታደለን ግን እወዳቸው ነበር። ሙላት ርቆ በሚከርምበት ወራት እንደ ልጃቸው ያዩኝ እሳቸውና እትዬ አበባ ናቸው። ከሰዓት በኋላ ሁልጊዜ ቀዝቃዛ ከርከዴ በብርጭቆ እወስድላቸዋለሁ፤ እሳቸው ደግሞ የከተማውን ወሬ ሁሉ ያወሩልኛል።

የከተማችን ትልቁ ክርክር የነበረው በውሾቹ ላይ ነው። በየዓመቱ የሆነ ሰፈር ውስጥ አንድ ያበደ ውሻ ይገኛል። ያን ጊዜ የሰፈሩ ሰው አዋጥቶ መርዝ ይገዛና በሥጋ እያደረገ በየመንገዱ ይጥላል። ጠዋት ስንነሣ ውሾች ቱቦ ውስጥ፣ አጥር ሥር ወድቀው እናገኛለን። አንዳንዴም የሰው ድመት፣ የሰው ዶሮ አብሮ ያልቃል። ጋሽ ታደለ መርዝ እንደተጣለ ከሰሙ፣ ገና ሲነጋ ከሁሉ ቀድመው ወጥተው ሥጋውን በላስቲክ እየለቀሙ ይቀብሩት ነበር።

በዕድር ስብሰባችን ላይ ይህን ነገር አንሥተው የተናገሩበትን ቀን አስታውሳለሁ።

“እናንተ የምትገድሉት ውሻውን ነው፤ በሽታው ግን አይሞትም” አሉ። “ዛሬ እዚህ ያለውን ብትጨርሱ ነገ ከጭነት መኪናው ሥር፣ ከእርሻው፣ ከድንበሩ ሌላ ይመጣል። መርዝ የምንገዛበትን ክትባት እናስመጣበት። የተከተበ ውሻ ሰፈራችሁን ይጠብቃል፣ ልጆቻችሁንም ይጠብቃል።”

ከኋላ አንዱ፣ “የውሻ ጠበቃው ተነሡ!” አለ። ቤቱ በሳቅ ሞላ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስማቸው የውሻ ጠበቃ ሆኖ ቀረ። እሳቸው አልተቀየሙም። ከስብሰባው ስንወጣ፣ “ጠበቃ ደግ ስም ነው” አሉኝ። “ደንበኛዬ ነው እንጂ የማይከፍለው።”

ወደ ዋናው ነገር ልግባ።

ጠዋት ነበር፤ ፀሐይዋ ገና አልከረረችም። ሳሉግ የምንላቸው የአጨዳ ሠራተኞች ከደጋው ስለገቡ መንገዱ በሰው ተጨናንቋል። እኔ በርጩማ ላይ ቆሜ ቀሚስ ከሱቁ በር በላይ እሰቅላለሁ። ጀርባዬን ለመንገዱ ሰጥቻለሁ። ድንገት ከጭነት መኪናዎቹ ሰልፍ በኩል ጩኸት ተነሣ። “ያበደ ውሻ! ያበደ ውሻ!” ይላሉ። ዞር ስል በርጩማው ከዳኝና ወደቅሁ።

ከዚያ በኋላ የማስታውሰው ቁርጥራጭ ነው። ግራጫ ውሻ ነው። አፉ ለሃጭ በለሃጭ ሆኗል፤ አንገቱን ዝቅ አድርጎ ቀጥ ብሎ መጣ። እንድሸሽ ጊዜ አልሰጠኝም። በግራ በኩል አንገቴ ሥር ትከሻዬ ላይ ያዘኝ። መጮኼን አላውቅም። የሰው እግር ሲሸሽ አያለሁ፤ ከሚሸሹት እግሮች መሃል አንዱ ብቻ ወደ እኔ ሲመጣ አየሁ። ጋሽ ታደለ ነበሩ። ባዶ ጆንያ ይዘው ነበር። ጆንያውን ውሻው ላይ ወርውረው በሙሉ ሰውነታቸው ተጫኑት። ውሻው ለቀቀኝ፤ ግን ከጆንያው ሥር ዞሮ እጃቸውን ነከሰ። እሳቸው አልለቀቁትም።

ሰዎች ድንጋይና ዱላ ይዘው ደረሱ። ጋሽ ታደለ በዚያ መሃል፣ “አታሰቃዩት! በአንዴ ጨርሱት፣ ታሞ ነው!” እያሉ ይጮኹ ነበር። ውሻው ከሞተ በኋላ ብድግ አሉ። ከእጃቸው ደም ይንጠባጠባል። እሳቸው ግን ወደ ራሳቸው ቁስል አላዩም። ጀሪካን ውኃና ሳሙና አምጥተው ትከሻዬን ማጠብ ጀመሩ። አጠቡኝ፣ ደግመው አጠቡኝ። አቃጠለኝ፤ ይብቃዎ እያልኩ አለቀስኩ።

“አልቅሽ። ሳሙና ካላቃጠለ ሥራውን አልሠራም” እያሉ ያጥቡኛል።

የራሳቸውን እጅ የታጠቡት የእኔ ካለቀ በኋላ ነው።

በባጃጅ አብረን ሕክምና ሄድን። የተቀበለን ወጣት ሐኪም ነበር። ቁስላችንን አይቶ ወደ ውስጥ ገባና ቆይቶ ሲወጣ ፊቱ ተለዋውጧል። ያለው ክትባት ለአንድ ሰው ብቻ የሚበቃ ነው አለን። ሌላው የሚመጣው ከጎንደር ነው። በዚያ ሰሞን ደግሞ በነበረው ግጭት ምክንያት የጎንደር መንገድ ተዘግቶ ነበር። ሰው አይወጣም፣ መኪና አይገባም።

ሐኪሙ፣ “ለጊዜው ለሁለታችሁ አካፍዬ ልጀምርላችሁ?” ብሎ ጠየቀ። ልጁ ጨንቆት ነው እንጂ የሚያምንበት አይመስልም ነበር።

ጋሽ ታደለ ወዲያው መለሱለት። “እሱ ሁለታችንንም ይገድላል። የእሷ አንገቷ ሥር ነው። ወደ አንጎል ቅርብ ነው። የእኔ እጅ ላይ ነው፤ ጊዜ አለኝ። ለእሷ ጀምር።”

“እርስዎስ?” አልኳቸው።

“መንገዱ ሲከፈት ጎንደር እሄዳለሁ። ነገ ይከፈት ይሆናል፣ ማን ያውቃል?”

እምቢ ልል አፌን ከፈትኩ። እንደ ጋሪ ነጂዎቹ ተቆጡኝ። “ዝናሽ! እዚህ ቆመን ስንከራከር ጊዜው ይሄዳል። ክንድሽን ስጪው።”

ክንዴን ሰጠሁ።

መንገዱ በማግሥቱ አልተከፈተም። በሳምንቱም አልተከፈተም። ያልተሞከረ ነገር አልነበረም። ሐኪሙ ጎንደር እየደወለ ለመነ፤ ክትባቱ ቀዝቃዛ ቦታ መቀመጥ ስላለበት በመንገደኛ እጅ የሚላክ አልሆነም። አንድ ቀን ጋሽ ታደለ በሞተር ለመውጣት ተነሥተው ነበር፤ ከመንገድ መልሰዋቸው ማምሻውን አቧራ ለብሰው ገቡ። በሱዳን በኩል እንዳይዞሩ እዚያ ጦርነት ነው። እትዬ አበባ በየቀኑ ከመናኸሪያው ደጃፍ እየሄዱ፣ የወጣ መኪና አለ ወይ ብለው ይጠይቃሉ። ሙላት ወሬውን ሰምቶ ከእርሻ መጣ፤ እሱም ሾፌር ጓደኞቹን ሁሉ ጠየቀ። መልሱ አንድ ነው።

የሚገርመኝ የጋሽ ታደለ ሁኔታ ነው። ሥራቸውን አላቆሙም። ጠዋት ገንዳውን ይሞላሉ፣ የአህያ ቁስል ያጥባሉ፣ ይቆጣሉ። የእኔ መርፌ ቀን ሲደርስ ደግሞ እሳቸው ናቸው የሚያስታውሱኝ። በግድግዳው በኩል ቆርቆሮውን ኳ ኳ ያደርጉና፣ “ዝናሽ፣ ዛሬ ቀንሽ ነው!” ይሉኛል። አብረውኝ ይሄዳሉ። ስወጋ በር ላይ ቆመው ይጠብቁኛል። ስንመለስ በመንገድ ላይ እኔ ማውራት ያቅተኛል፤ እሳቸው ስለ ሳሊም፣ ስለ ሰሊጡ ዋጋ፣ ስለ ዝናቡ ያወራሉ። ስለ እጃቸው ስጠይቃቸው፣ “ድኗል እኮ፣ እዪው” ብለው ያሳዩኛል። እውነት ነው፤ ቁስሉ ድኖ ነበር።

የእኔ ክትባት አለቀ። ከዚያ በኋላ ብዙም ሳይቆይ፣ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ እንደ ልማዴ ከርከዴ ይዤላቸው ሄድኩ። ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው የተነከሰ እጃቸውን እያሻሹ ነበር። “ትንሽ ይነዝረኛል” አሉ። ብርጭቆውን ተቀበሉኝ። ወደ አፋቸው ሲያስጠጉት ጉሮሯቸውን እንደ ማነቅ አደረጋቸው። ፊታቸውን አዞሩ። እንደገና ሞከሩ። ሁለተኛው ባሰ። ብርጭቆው ከእጃቸው አምልጦ መሬት ላይ ተሰበረ።

ተያየን። እኔ ምንነቱን በቅጡ አላውቅም ነበር፤ ግን ዓይናቸውን ሳይ ገባኝ። ዕድሜ ልካቸውን በዚህ በሽታ የሞተ እንስሳ ያዩ ሰው ናቸው። ምን እንደመጣ ከማንም ቀድመው ያወቁት እሳቸው ናቸው።

ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ “ዝናሽ፣ አበባን ጥሪልኝ” አሉ። “አትሩጪ። ሰው እንዳይደነግጥ። ቀስ ብለሽ ሄደሽ ጥሪያት።”

ቀስ ብዬ ሄድኩ። እስካሁን የሄድኩበት ከባዱ መንገድ እሱ ነው። ቤታቸው ሩቅ አይደለም። ሰላም የሚለኝን ሰው ሰላም እያልኩ ሄድኩ።

ስለ ቀሩት ቀናት ብዙ አልጽፍም፤ እሳቸውም አይወዱትም ነበር። ሕክምና ተኝተው ሐኪሙ ሕመሙን በሚያስታግስ ነገር ረዳቸው። ከዚያ ያለፈ ማድረግ የሚቻል ነገር የለም። ዘመዶች ጸበል እንውሰዳቸው አሉ፤ እሳቸው ውኃ ሲያዩ የሚሆኑትን ስላዩ ግን ዘመዶቹ ተዉት። ንስሐ አባታቸው መጥተው በአጠገባቸው ጸለዩላቸው። ጋሽ ታደለ አእምሯቸው ጥርት በሚልበት ሰዓት እትዬ አበባን ጠርተው ያነጋግሩ ነበር። እኔን አንድ ጊዜ ብቻ አስገቡኝ። በሩ ላይ እንድቆም፣ እንዳልጠጋ ነገሩኝ።

“መርፌሽን ጨርሰሻል አይደል?” አሉኝ።

“ጨርሻለሁ” አልኩ።

“ጎበዝ” አሉ።

በማግሥቱ አረፉ።

ቀብራቸው ላይ የመጣው ሰው ከጠበቅነው በላይ ነበር። ጋሪ ነጂዎቹ አህዮቻቸውን ፈትተው ራኩባው ሥር አስረው፣ በእግራቸው እስከ ቤተ ክርስቲያኑ መጡ። በዕድሩ ስብሰባ የሳቁት ሁሉ መጡ። ወጣቱ ሐኪም ከሁሉ ኋላ ለብቻው ቆሞ ሲያለቅስ አየሁት።

እስከ አሁን ከዓይኔ የማይጠፋው ግን ከቀብር ስንመለስ የሆነው ነው። እትዬ አበባ ግቢ ድንኳን ተተክሏል። ሴቶቹ ገና መቀመጣችን ነው። ከበሩ ውጭ የወንዶች ድምፅ ተሰማ። የሰፈራችን ሰዎች ዱላና መጥረቢያ ይዘው መጥተዋል። ከፊት ያሉት አያ ፈንታሁን ናቸው። አያ ፈንታሁን ጋሪ ነጂ ናቸው፤ በአህያ ጉዳይ ከጋሽ ታደለ ጋር እንደ እሳቸው የተጣላም፣ እንደ እሳቸው የታረቀም የለም። ዓይናቸው በልቅሶ ቀልቷል።

“ሰውዬውን የበላ ዘር አንድም አይተርፍም!” ይላሉ። “ዛሬ ከተማው ውስጥ ውሻ አያድርም! ከዚህ ግቢ ነው የምንጀምረው!”

በግቢው ውስጥ ጋሽ ታደለ ያሳደጓቸው ውሾች ነበሩ። ሳሊም ድንኳኑ በር ላይ ተጋድሟል። ከሴቶቹም፣ “ይገደሉ! ምን ይሠራሉ!” ያሉ አሉ። እኔ ራሴ በዚያ ሰዓት ምን እንደምፈልግ አላውቅም ነበር።

እትዬ አበባ ከተቀመጡበት ተነሡ። ጥቁር ነጠላቸውን እንደለበሱ ወደ በሩ ሄዱ። የሚደግፋቸው ሰው ሲነሣ በእጃቸው መለሱት። በሩን ወለል አድርገው ከፈቱና መሃሉ ላይ ቆሙ። ጩኸቱ ትንሽ ረገብ አለ።

“ፈንታሁን” አሉ፣ “ለቅሶ ልትደርሱ ከሆነ የመጣችሁት ግቡ፣ ቤታችሁ ነው። ዱላውን ግን ውጭ አስቀምጡት።”

“እትዬ፣ እሳቸውን ውሻ በልቶብን...”

“ውሻ አልበላውም። ራሱ ነግሮኛል፤ ልንገርህ?” ድምፃቸው እዚህ ላይ ተሰበረ፤ ግን አላቆሙም። “‘አበባ፣ እኔ ስሞት ሰዎቹ በውሾቹ ላይ ይነሣሉ። በሽታው ነው የገደለኝ በያቸው። የታመመው ውሻም እንደኔው ክትባት ያጣ ነው በያቸው’ ብሎኛል። ይህን ነው የተናዘዘልኝ። ከዚህ በር ዱላ ይዞ የሚገባ ሰው የታደለን ኑዛዜ እየረገጠ ነው የሚገባ።”

አያ ፈንታሁን አንገታቸውን ደፉ። ከዚያ ዱላቸውን ከአጥሩ ጋር አስደግፈው አቆሙ። ጫማቸውን አራገፉና ገብተው ድንኳኑ ውስጥ ተቀመጡ። ሌሎቹም ተከተሉ። ተራ በተራ ዱላው አጥሩ ላይ ተደረደረ። አያ ፈንታሁን ከተቀመጡ በኋላ እንደ ሕፃን ልጅ እየጮኹ አለቀሱ። እትዬ አበባ ከአጠገባቸው ሄደው ትከሻቸውን መታ መታ እያደረጉ ያባብሏቸው ጀመር። ባለለቅሶዋ አልቃሹን ሲያጽናኑ ያየሁት ያን ቀን ነው።

ቀብሩ ካለፈ በኋላ፣ ሰው ገና ከድንኳኑ ሳይወጣ፣ የጎንደር መንገድ ተከፈተ። የመጀመሪያው አውቶቡስ ጥሩምባውን እያሰማ ሲያልፍ ሁላችንም ሰማነው። እትዬ አበባ ዓይናቸውን ጨፈኑ።

ክረምቱ ከመግባቱ በፊት ዕድሩ ተሰበሰበ። በሕይወቴ በስብሰባ ላይ ተናግሬ አላውቅም፤ ያን ቀን እጄን አወጣሁ። ጋሽ ታደለ የተናገሩትን፣ የተሳቀበትን ቃል እንዳለ ደገምኩት። ለመርዝ የሚዋጣው ለክትባት ይሁን አልኩ። ያን ቀን ማንም አልሳቀም። የዕድሩ ሰዎች ከእንስሳት ጤና ባለሙያዎች ጋር ተነጋገሩና ክትባቱ መጣ። ውሾቹ የተከተቡት ጋሽ ታደለ በሠሩት ራኩባ ሥር ነው። ሰው ውሻውን በገመድ፣ በሻርፕ፣ በቀበቶ እያሰረ መጣ። አያ ፈንታሁን ትልቅ ቢጫ ውሻ ታቅፈው ነበር የመጡት፤ ውሻው ፈርቶ ልብሳቸው ላይ ሸና፤ እሳቸውም ንቅንቅ አላሉም። እኔ የሳሊምን ገመድ ያዝኩ። ፈርቼ ነበር፤ እስከ ዛሬም ውሻ ሲጠጋኝ እፈራለሁ። ግን ይዤው ቆየሁ።

ከዚያ ወዲህ መርዝ የጣለ ሰው አልሰማሁም። ውሾቹ በየዓመቱ ይከተባሉ። ከዕድሩ ውጭ ያሉ ሰፈሮችም እየጠየቁ ነው። ሰዎች ይህን ሲያዩ፣ “የጋሽ ታደለ ሞት በከንቱ አልቀረም” ይላሉ። እኔ እንዲህ ሲባል ደስ አይለኝም። ሳይሞቱም ይህን ሁሉ ነግረውን ነበር።

ሌሎች ደግሞ እኔን ሲያዩ፣ “ለእሷ ሲሉ ሞቱ” ይባባላሉ። በፊት በፊት ይህን ስሰማ ሱቄን ዘግቼ እገባ ነበር። አንድ ቀን እትዬ አበባ ቤት ቁጭ ብዬ ሳለቅስ ተቆጡኝ።

“ስሚኝ” አሉኝ። “ታደለ ላንቺ ብሎ አልሞተም። ላንቺ ብሎ ያደረገው ክትባቱን መስጠቱ ነው። የሞተው መድኃኒት ጠፍቶ፣ መንገድ ተዘግቶ ነው። እነዚህ ሁለት ነገሮች ናቸው። ለይተሽ ያዣቸው። ሞቱን አንቺ ከተሸከምሽው፣ እሱ የሰጠሽን ነገር በምን እጅሽ ትይዢዋለሽ?”

ለይቼ ለመያዝ እሞክራለሁ። አንዳንድ ቀን ይሆንልኛል፣ አንዳንድ ቀን አይሆንልኝም።

ባለፈው ዓመት ሴት ልጅ ወለድኩ። ክርስትና ያነሧት እትዬ አበባ ናቸው። አሁን መዳህ ጀምራለች፤ በሱቁ ወለል ላይ ወዲያ ወዲህ ትላለች፤ በትንሹም በትልቁም ትስቃለች። ስትስቅ አብሬያት እስቃለሁ። መሃል ላይ ግን ሳቄ ይቆረጣል። ይህችን ልጅ ማየት የነበረባቸው አንድ ሰው እንዳሉ ትዝ ይለኛል። አላዩዋትም።